ስሙ የጠፋ ውሻ በቴሌቪዥን መስኮት

  የዛሬው ርዕሳችን ውሻ ነው፤ ይልቁንም ስሙ የጠፋ ውሻ። በሌላው ዓለም ስማቸው የጠፋ የውሻ ዝርያዎች ጠበቃ የሚሆንላቸው ሲያጡ ፊልምና ቴሌቪዥን ቆመውላቸዋል። ይህ ዓይነቱ ጥብቅና ለእኛው አገር ውሻ፣ የሐበሻ ውሻ ለምንለው፣ ይሠራለታል ወይ? ይሠራል ብዬ አምናለሁ። ነገር ግን የሚሠራው ውሻውን በማቆንጀትና በማስወደድ አይደለም፤ ሥራውን፣ ኑሮውንና አደጋውን ሳይሸፋፍኑ በማሳየት ነው። ለምን እንዲህ እንደምል ከማስረጃው ጋር አብረን እንመልከት።

ስለ ውሻ ያለን አስተያየት ሁለት ፊት አለው፤ ሁለቱም በንግግራችን ውስጥ ይገኛሉ። ሰውን ማዋረድ ስንፈልግ ውሻ እንለዋለን። ያው አንደበታችን ግን «ውሻ በቀደደው ጅብ ይገባል» ይላል። ይህን ተረት ልብ ብለን ከሰማነው ውሻው የቆመበትን ቦታ ያሳየናል፤ በአጥሩና በጅቡ መካከል ነው። «ጅብ ከሄደ ውሻ ጮኸ» ስንልም የምንወቅሰው የዘገየውን ጠባቂ ነው፤ መጠበቅ ሥራው መሆኑን ባናምን ኖሮ ባልወቀስነው ነበር። እንግዲህ ያጣነው እውቀቱን አይደለም። ያጣነው ይህን እውቀት ከተረት አውጥቶ በዓይናችን ፊት የሚያቆምልንን ምስል ነው።

ምስል ደግሞ ቀላል ነገር አይደለም። በኢትዮጵያ ቴሌቪዥን ታሪክ ውሻ የታየበት እጅግ ከባዱ ምሽት መስከረም 1 ቀን 1967 ዓ.ም. ነበር። እንግሊዛዊው ጋዜጠኛ ጆናታን ዲምብልቢ የወሎን ረሃብ የሚያሳይ ፊልም ሠርቶ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር በጥቅምት 1973 በአገሩ ቴሌቪዥን አቅርቦ ነበር። ደርግ ይህን ፊልም ወሰደና በሌላ መልክ ቆርጦ ቀጠለው። የተራቡት ሰዎች ምስል ይመጣል፤ ወዲያው የቤተ መንግሥቱ ድግስ ይከተላል፤ ንጉሡ ለውሾቻቸው ሥጋ ሲሰጡም ይታያል። ይህ በታየ ማግስት፣ መስከረም 2 ቀን፣ አፄ ኃይለ ሥላሴ ከዙፋናቸው ወረዱ። የሕዝቡ ቁጣ ፍትሐዊ ነበር፤ ረሃቡ እውነት ነበር፣ መደበቁም እውነት ነበር። እኔ እዚህ ላይ የማነሣው የምስሉን አሠራር ነው። አጥንቱ የወጣ ሕፃንና ሥጋ የሚጎርስ ውሻ ጎን ለጎን ሲቆሙ፣ ሁለቱ ምስሎች ለብቻቸው የማይናገሩትን ሦስተኛ ነገር ይናገራሉ፤ ውሻ የሰውን ድርሻ የሚበላ ፍጥረት ነው ይላሉ። በዚያ ዘመን በአገሪቱ ከሁሉ የታወቀው ውሻ ሉሉ የተባለው የንጉሡ ቺዋዋ ነበር፤ በቤተ መንግሥቱ ግቢ ውስጥ መቃብር የተሠራለት ትንሽ ውሻ ነው። ከሉሉ ጋር ሲነጻጸር ግን የአገሪቱ ውሻ ሁሉ ማለት ይቻላል በፍርፋሪና በጥራጊ የሚኖር፣ ደጅ የሚያድር ሠራተኛ ነበር፤ ዛሬም ነው። የዚያ ምሽት ፊልም ውሻን መናቅ አስጀመረ ማለቴ አይደለም፤ ንቀቱ ከዚያ በፊትም ነበር። የሚያሳየን ግን የጥቂት ውሾች ምስል በደቂቃዎች ውስጥ የብዙዎች መታወቂያ ሊሆን እንደሚችል ነው።

ምስል ስም ማጥፋት ከቻለ ስም ማደስም ይችላል። እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር በ1918፣ አንደኛው የዓለም ጦርነት ሊያበቃ ሲል፣ ሊ ደንከን የተባለ አሜሪካዊ ወታደር በፈረንሳይ የጦር ሜዳ ቡችሎች አገኘ። ከእነሱ አንዱ ሪን ቲን ቲን ተብሎ በሆሊውድ ድምፅ አልባ ፊልሞች የዓለም ዝነኛ ሆነ። ዝርያው ጀርመን ሼፐርድ ነው፤ ዛሬ በከተሞቻችን ትልልቅ ግቢዎች በር ላይ የምናየው ማለት ነው። ያን ጊዜ ግን ጀርመን የሚለው ስም ራሱ የጠላት ስም ስለነበር እንግሊዞች ውሻውን አልሴሺያን ብለው መዝግበውት ነበር፤ የቀድሞ ስሙ የተመለሰለት በ1977 ነው። ፊልሙ ይህን የጠላት ውሻ ሰው የሚያድን ጀግና አድርጎ አሳየው፤ ሕዝቡም ወደደው። ሆኖም በዚያው በሪን ቲን ቲን ዝና ዘመን፣ በ1929፣ አውስትራሊያ ጀርመን ሼፐርድ ወደ አገሯ እንዳይገባ ከለከለች፤ በጎች ይፈጃል፣ ከዱር ውሾችም ጋር ይዳቀላል ተብሎ ስለተፈራ ነው። ፊልሙ ፍቅር አመጣ፤ ፍርሃቱን ግን በማስረጃ አልመለሰለትም። ሁለቱን መለየት ለዛሬው ክርክራችን መሠረት ነው።

የፒትቡል ታሪክም የሚመሰክረው ይህንኑ ነው። እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር በ1920ዎቹና በ30ዎቹ በአሜሪካ የልጆች አስቂኝ ፊልሞች ውስጥ ፒት የተባለ፣ በዓይኑ ዙሪያ ክብ የተሣለበት ፒትቡል መሰል ውሻ ከሕፃናት ጋር ይጫወት ነበር፤ ማንም አልፈራውም። ከአምሳ ዓመት በኋላ ያው ዝርያ በዜና ላይ የወንጀለኛ ውሻ ሆኖ ቀረበ፤ በ1991 የወጣው የብሪታንያ የአደገኛ ውሾች ሕግም ፒትቡልን ጨምሮ አራት ዓይነት ውሾችን ከለከለ። የውሻው ጥርስ ያው ነው፤ የተለወጠው ያሳደገው ሰውና ያሳየው ካሜራ ነው። በ2007 ማይክል ቪክ የተባለው የአሜሪካ ፉትቦል ተጫዋች ግቢ ውስጥ ውሾች ለውርርድ ሲደባደቡ መኖራቸው ሲጋለጥ፣ የተያዙት ውሾች መገደል አለባቸው ያሉ ብዙዎች ነበሩ። ፍርድ ቤቱ ግን እያንዳንዱ ውሻ ለየብቻው እንዲመረመር መንገድ ከፈተ፤ አብዛኞቹም ተረፉ። በ2015 የወጣ «ዘ ቻምፒየንስ» የተባለ ዘጋቢ ፊልም የእነዚህን ውሾች ኋለኛ ኑሮ ተከትሎ አሳይቷል። በእኔ አስተያየት ይህ ከሪን ቲን ቲን የተሻለ ጥብቅና ነው። ውሻው ጀግና ነው አላለም፤ ይህ ውሻ እንዲህ ሆነ፣ ያኛው ደግሞ ገና ሰው ይፈራል ብሎ አንድ በአንድ አሳየ።

እዚህ ላይ የሚነሣውን ተቃውሞ አቃልዬ አላልፈውም። ፊልም ውሻን ፋሽን ያደርገዋል፤ ፋሽን ሲያልፍ ውሻው ይጣላል የሚል ነው። ተቃውሞው ማስረጃ አለው። እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር በ2014 የታተመ አንድ ጥናት ውሻ የተወነባቸውን 87 ፊልሞች ከአሜሪካ የዝርያ ምዝገባ ጋር አነጻጽሮ፣ የአንድ ፊልም ተጽዕኖ እስከ 10 ዓመት ሊዘልቅ እንደሚችል አሳይቷል። «ላሲ ካም ሆም» በ1943 ከወጣ በኋላ ባሉት ሁለት ዓመታት የኮሊ ምዝገባ በ40 በመቶ አደገ። በ1959 የወጣ ሌላ ፊልም ደግሞ የአንድን ፀጉራም የበግ ጠባቂ ዝርያ ምዝገባ መቶ እጥፍ አሳድጎታል። በፊልም ያየውን ውሻ የገዛ ሁሉ ማሳደግ አይችልም፤ ስለዚህ ተቃዋሚዎቹ ልክ ናቸው። ይሁንና ይህ አደጋ የሚመጣው ውሻው የሚሸጥ ዕቃ በሆነበትና ፊልሙም መልኩን በሚያሻሽጥበት ቦታ ነው። የሐበሻ ውሻ ገበያ የለውም፤ ማንም በውድ ዋጋ አይገዛውም። ለእሱ የሚያሰጋው መወደድ ሳይሆን አለመታየት ነው። በአገራችን ፋሽን የሚሆነው የፈረንጅ ውሻ ነው፤ ይህም የራሱ ጣጣ አለው። ለቀዝቃዛ አገር የተፈጠረ ጥቅጥቅ ፀጉር ያለው ውሻ በባሕር ዳር ሙቀት ምን እንደሚሆን ማሰብ አያዳግትም።

ዝርያ የሚለውን ነገር ራሱን ትንሽ እንፈትሸው፤ ብዙ የተሳሳተ ፍርድ የሚወለደው ከዚሁ ነው። እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር በ2022 «ሳይንስ» በተባለው መጽሔት የወጣ ጥናት ከ18,000 በላይ ውሾችን ጠባይ ከባለቤቶቻቸው ጠይቆ፣ ከ2,000 በላይ የሚሆኑትን ደግሞ ዘረመል መርምሮ፣ በውሾች መካከል ከሚታየው የጠባይ ልዩነት ዝርያ የሚያብራራው 9 በመቶ ያህሉን ብቻ መሆኑን አሳየ። ቀሪው አስተዳደግ፣ ዕድሜ፣ ልምድና የየራሱ ተፈጥሮ ነው። እኛ ዘንድ ስህተቱ በተቃራኒው ይሠራል። የሐበሻ ውሻ የተመዘገበ ዝርያ ስለሌለው ምንም አይደለም እንላለን፤ ልቅ፣ የሰፈር፣ የጎዳና ብለን እናልፈዋለን። ከፈረንጁ ውሻ ያነሰ ብልህ ወይም የባሰ ተናካሽ ነው ለማለት ግን የሚያበቃ ነገር የለንም። እንዲያውም መጋቢና ሐኪም ሳይኖረው በዚህ አየርና በዚህ በሽታ መካከል ለብዙ ትውልድ ተመርጦ የኖረ ውሻ ነው።

ሥራውን በቅርብ እንየው። ከብቱ በረት ገብቶ፣ እሳቱ ተዳፍኖ፣ ቤተሰቡ ሲተኛ ውሻው ከደጃፉ ይጋደማል፤ አፍንጫው ግን ወደ ነፋሱ ነው። ጅብ ሲሸተው መጀመሪያ አይጮኽም። ይነሣል፤ ከማጅራቱ እስከ ጭራው ሥር ያለው ፀጉር ይቆማል፤ ከጉሮሮው ውስጥ ያጉረመርማል። ቀጥሎ ወደ አጥሩ ሮጦ ይጮኻል፣ ወደ ኋላ ተመልሶ የቤቱን በር ያያል፣ እንደገና ይሮጣል። ለመንገደኛ ሲጮኽና ለአውሬ ሲጮኽ ድምፁ አንድ አይደለም፤ ባለቤቱ ተኝቶ ሳለ ይለየዋል። ማለዳ ያው ውሻ ከእረኛው ልጅ ጋር ይወጣል፤ በቆሎው እሸት ሲይዝ ደግሞ ጦጣውንና ከርከሮውን ሲያባርር ይውላል። ይህ ሁሉ ሥራ በቴሌቪዥን መስኮት ሲታይ ምን ያህል ጊዜ አጋጥሟችኋል? በድራማዎቻችን ውስጥ ውሻ ብዙውን ጊዜ የሌሊት ድምፅ ብቻ ነው፤ ጨለማ መሆኑን ለመንገር ይጮኻል፣ ፊቱ ግን አይታይም። እንስሳን ከፊት አምጥቶ ማሳየት እንደሚቻል የያሬድ ዘለቀ «ላምብ» አሳይቶናል። ይህ ፊልም እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር በ2015 በካን የፊልም ፌስቲቫል ይፋዊ ምርጫ ውስጥ የገባ የመጀመሪያው የኢትዮጵያ ፊልም ነው፤ የአንድ ልጅና ቹኒ የተባለች በጉ ታሪክ ነው። በግ እኛ ዘንድ የሚታረድ ነው፤ ስም ያላት በግ ግን ተመልካቹን ቢላዋው እንዲከብደው ታደርጋለች። ለበግ የተቻለው ለውሻ የማይቻልበት ምክንያት የለም።

አሁን ከሁሉ ወደከበደው ተቃውሞ እንምጣ። ውሻ እብደት ያመጣል፤ ልጆቻችንን ይገድላል፤ እንዴት በቴሌቪዥን ይመስገን የሚል ሰው አለ። ይህ ሰው የሚናገረው ከእውነት ተነሥቶ ነው። የእብድ ውሻ በሽታ ምልክቱ አንዴ ከታየ በኋላ የሚድን ማለት ይቻላል የለም። በዓለም በየዓመቱ 59,000 ያህል፣ በአገራችንም 2,700 ያህል ሰው እንደሚሞትበት ይገመታል፤ በሰው ላይ ከሚደርሰው ከመቶ 99ኙ የሚተላለፈው በውሻ ነው። በተጠረጠረ እንስሳ ከሚነከሱት ውስጥም ከመቶ 40 ያህሉ ዕድሜያቸው ከ15 ዓመት በታች የሆኑ ልጆች ናቸው። ይህን የሚደብቅ ፊልም ውሸታም ብቻ ሳይሆን አደገኛ ነው። ልጅ የማያውቀውን ውሻ ሲያቅፍ የሚያሳይ ትዕይንት ለእኛ አገር አይሆንም። ታዲያ መፍትሔው ምንድን ነው? ከተሞቻችን የለመዱት ውሻን በመርዝ መጨረስ ነው። ማስረጃው ግን ወደዚያ አይመራም። የኢንዶኔዥያዋ ፍሎረስ ደሴት እብደቱ በገባባት ጊዜ ውሾቿን በብዛት ገድላለች፤ በሽታው ግን አልጠፋም። የተገደለው ውሻ ቦታ ባዶ አይቀርምና፤ የሥጋ ቤቱ አጥንትና የመንደሩ ጥራጊ እስካለ ድረስ ሌላ፣ ያልተከተበ ውሻ ይመጣበታል። በተቃራኒው ሜክሲኮ ለብዙ ዓመታት ውሾቿን በዘመቻ ከተበች፤ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር በ2019 በዓለም ጤና ድርጅት ማረጋገጫ በውሻ ከሚተላለፈው የሰው እብደት ነፃ የሆነች የመጀመሪያዋ አገር ሆነች። ቁጥሩም የታወቀ ነው፤ ከአካባቢው ውሾች ከመቶ 70 ያህሉ ከተከተቡ የበሽታው ሰንሰለት ይበጠሳል።

የስክሪኑ ጥብቅና ከጤናው ሥራ ጋር የሚገናኘው እዚህ ላይ ነው። ክትባት ሲመጣ ውሻውን ይዞ የሚቀርብ ሰው ያስፈልጋል። ውሻው የእኔ ነው የማይል፣ የሚያፍርበት፣ ስም ያላወጣለት ሰው አይይዘውም፤ ሊይዘው ቢሞክርም ውሻው እጅ አያውቅምና ይናከሳል። ስለዚህ ባለቤትነትን የሚያስከብር ምስል ለውሻው ብቻ የተደረገ ርኅራኄ አይደለም፤ ከመቶ 70 ለመድረስ የሚያስፈልግ መሣሪያ ነው። ጥቅሙም ከመንደሩ አልፎ ይሄዳል። በሰሜን ተራሮች፣ በመንዝ ጓሳ፣ በቦረና ሳይንት የሚኖረው ቀይ ቀበሮ በዓለም ላይ የቀረው 500 ያህል ብቻ ነው፤ በባሌ ተራሮች ደጋግሞ የፈጀው ከቤት ውሻ የተጋባው እብደት ነው። ይህም እንስሳ ስሙ የጠፋ ነው፤ ቀበሮ ስለተባለ የበግ ሌባ ይመስለናል፤ የዘወትር ምግቡ ግን አይጥና ፍልፈል ነው፣ ዝምድናውም ከተኩላ ጋር ነው።

ሰው ሳይጠግብ ስለ ውሻ ማውራት ነውር ነው የሚሉ አሉ፤ ከላይ ያነሣነው የ1967ቱ ምስል ጥላ በዚህ ንግግር ላይ ይታየኛል። መልሴ አጭር ነው። ውሻው ሲከተብ የሚተርፈው ልጅ ነው፤ ውሻው ሲጠብቅ የሚተርፈው የደሃው ጥጃ ነው። ውሻ ርኩስ ነው በማለት ከሃይማኖት አንጻር የሚቃወሙም አሉ። ወደ ቤተ ክርስቲያን ቅጥር አለመግባቱ የታወቀ ሥርዓት ነው፤ ማንም ይህን ይለውጥ አላለም። ሆኖም በመጽሐፈ ጦቢት የጦቢት ልጅ ከመልአኩ ሩፋኤል ጋር በተጓዘ ጊዜ ውሻው አብሮት ነበር፤ በሉቃስ ወንጌልም የአልዓዛርን ቁስል የላሱት ውሾች ናቸው። ሙስሊም ወገኖቻችንም በቁርኣን የዋሻው ሰዎች ታሪክ ውስጥ በዋሻው ደጅ የተኛውን ውሻ ያውቁታል። ከመቅደስ መራቅና መንገላታት አንድ ነገር አይደሉም።

እንግዲህ ለድራማ ጸሐፊዎችና ለፊልም ባለሙያዎች፣ በተለይም እዚሁ ባሕር ዳር የአማራ ሚዲያ ኮርፖሬሽንን በመሰለ ተቋም ካሜራ ለያዛችሁ ባለሙያዎች፣ አንድ ትዕይንት ላቅርብላችሁ። ውሻው ስም ይኑረው፤ ቡቺም ይባል ቦቢ። መልኩ አይመረጥ፤ ጆሮው የተቀደደ፣ ቀላ ያለ፣ እንደ ማንኛውም የመንደር ውሻ ይሁን። በመጀመሪያው ክፍል ጅብ ይመልስ። በሁለተኛው ክፍል ከመንደሩ ውጭ የመጣ፣ ምራቁ የሚዝረበረብ፣ ሲሄድ የሚንገዳገድ ሌላ ውሻ የቤቱን ልጅ ይንከስ። አባት ዱላ ከማንሣቱ በፊት እናት ልጁን ወደ ውኃው ትውሰደው፤ ቁስሉን በሳሙናና በሚወርድ ውኃ 15 ደቂቃ ሙሉ ስታጥብ ካሜራው አይቸኩል። ጸበሉንም ጸሎቱንም ይያዙ፤ ግን በዚያው ዕለት ጤና ተቋም ይድረሱ፣ ልጁም ክትባቱን ሳያቋርጥ ይጨርስ። ጎረቤቶች ቡቺም ይገደል ሲሉ ይሰሙ፤ ክርክሩም እንደ እውነተኛው ክርክር ይክረር። የእንስሳት ሐኪሙ መጥቶ የቡቺን የክትባት ወረቀት ሲጠይቅ እናት ወደ ጓዳ ትግባ፤ ወረቀቱን ከልጆቿ የክትባት ካርድ ጋር በአንድ ፌስታል ጠቅልላ ካስቀመጠችበት ሣጥን ታውጣው።